ትከሻችሁን አሳርፉ፦ ሃዋይ ሄዶ የመጀመሪያውን የሁላ ትምህርት ለመውሰድ

አስተማሪዋ ሦስት ጊዜ አጠገቤ መጣች። ሦስቱንም ጊዜ ምንም ሳትናገር ትከሻዬን በመዳፏ ጫን አደረገችና ወደ ቦታዋ ተመለሰች። በአራተኛው ግን ሳቋ አመለጣት። "ከየት ነው የመጣኸው?" አለችኝ። ነገርኳት። ስልኬን አውጥቼ የጎንደር እስክስታ አሳየኋት። ትንሽ አየችና "አሃ፣ አሁን ገባኝ" አለች። ከዚያም ትከሻዬን እንደገና ጫን!

ችግሩ የእኔ ብቻ አይደለም። እኛ ከበሮ ስንሰማ ቀድሞ የሚነቃው ትከሻችን ነው። ሰርግ ላይ እግራችን ቢቆም ማንም አይታዘበንም፤ ትከሻችን ከቆመ ግን "ምነው፣ ከፋህ እንዴ?" እንባላለን። የሃዋይ ባህላዊ ጭፈራ በሆነው ሁላ ላይ ግን ነገሩ ይገለበጣል። ትከሻ ያርፋል፣ ጉልበት ይሠራል፣ ዳሌ ይከተላል፣ እጅ ይናገራል። ይህን አስቀድሞ የነገረኝ ሰው ቢኖር ኖሮ የመጀመሪያውን ግማሽ ሰዓት ባላባከንኩ ነበር። ስለዚህ ለእናንተ ልንገራችሁ።

መጀመሪያ ምን ልትማሩ እንደሆነ እወቁ

ሁላ ሲባል ብዙዎቻችን ትዝ የሚለን ልጆች ወገባቸው ላይ የሚያሽከረክሩት የፕላስቲክ ቀለበት ነው። ወይም የሣር ቀሚስ ለብሳ ዳሌዋን እንደ ወንፊት የምታንቀጠቅጥ ሴት። ሁለቱም ሁላ አይደሉም። ያ ፈጣን የዳሌ ጭፈራ የታሂቲ ነው። የሣር ቀሚሱም ከሌሎች የፓሲፊክ ደሴቶች በ19ኛው ክፍለ ዘመን የገባ ነው። የጥንት ሃዋያውያን ይለብሱ የነበረው ካፓ የሚባል፣ ከዛፍ ልጣጭ እየተቀጠቀጠ የሚሠራ ጨርቅ ነበር። ለቱሪስት በሚዘጋጀው የሉአው እራት ላይ ሁሉም በአንድ መድረክ ስለሚቀርብ ሰው ቢምታታበት አይፈረድበትም።

ሁላ በግጥም ላይ የቆመ ነው። ግጥሙ ይዜማል፣ አካል ዜማውን ይከተላል። ግጥም ከሌለ ሁላ የለም። በሁለት ይከፈላል። ካሂኮ የሚባለው ጥንታዊው ነው። ጊታር የለው፣ ኡኩሌሌ የሚሉት ትንሽ ጊታርም የለው። ያለው የዜመኛው ድምፅ፣ ሁለት ቅል ተጋጥሞ የሚሠራው ኢፑ ሄኬ እና የሻርክ ቆዳ የተወጠረበት ፓሁ የሚባል ከበሮ ነው። ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ሊቃውንቱ መቋሚያና ጸናጽል ይዘው ሲያሸበሽቡ ያየ ሰው ካሂኮን ሲያይ ብዙ አይደንቀውም። ዜማው ይመራል፣ አካል በእርጋታ ይታዘዛል፣ ማንም ዝም ብሎ ከራሱ አይጨምርም። አዋና የሚባለው ደግሞ ዘመናዊው ነው። በጊታርና በኡኩሌሌ ይታጀባል፣ ለስለስ ይላል፣ ፈገግታም አለው። እንግዳ ሆናችሁ የምትማሩት አብዛኛውን ጊዜ ይህንን ነው።

አንድ ልጨምር፤ እኔን ልቤን የሰረቀኝ ይሄ ነውና። የሃዋይ ግጥም ካኦና የሚሉት ነገር አለው። ላይ ላዩን ስለ ዝናብ፣ ስለ አበባ፣ ስለ አንድ ሸለቆ ይዘፈናል። ከሥሩ ግን ስለ ተወዳጅ ሰው፣ ስለ ናፍቆት፣ አንዳንዴም ስለ ንጉሥ ይሆናል። ለሌላው ቱሪስት ይህን ለማስረዳት ሩብ ሰዓት ይፈጃል። ለእናንተ "ሰምና ወርቅ" ብዬ ልለፍ።

ታሪኩን በአጭሩ። (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።) በ1820 የአሜሪካ ሚስዮናውያን ደሴቶቹ ላይ ደረሱ። በ1830 ክርስትናን የተቀበለችው ንግሥት ካአሁማኑ ሁላ በአደባባይ እንዳይጨፈር አገደች። ጭፈራው ግን አልሞተም፤ ገጠር ገባ፣ ቤት ውስጥ ተደበቀ። በ1883 ንጉሥ ዴቪድ ካላካኡዋ የዘውድ በዓሉን ሲያከብር ሁላን በቤተ መንግሥቱ ግቢ፣ በሰው ሁሉ ፊት መልሶ አወጣው። ከአሥር ዓመት በኋላ፣ በ1893፣ የሃዋይ መንግሥት ተገለበጠ። በ1896 በወጣ ሕግ ደግሞ የትምህርት ቤት ቋንቋ እንግሊዝኛ ብቻ ሆነ። ልጆች በአፍ መፍቻቸው ሲናገሩ የሚቀጡበት ዘመን መጣ። ቋንቋው ሊጠፋ ሲል ግጥሙን በቃላቸው ይዘው ካተረፉት መካከል የሁላ አስተማሪዎች ነበሩ። ክፍል ውስጥ "ይሄ ለመዝናናት የመጣነው አይደል፣ ምንድን ነው ይሄ ሁሉ ሥርዓት?" ብላችሁ ከሰለቻችሁ ይህን አስቡ።

ትምህርቱን መምረጥ

የሚቀለው ያረፋችሁበት ሆቴል ነው። ሆኖሉሉ ከተማ ውስጥ ባለው በዋይኪኪ ሰፈር፣ በማዊና በሌሎቹም ደሴቶች ያሉ ብዙ ሆቴሎች ለእንግዶቻቸው በነጻ ወይም በትንሽ ክፍያ ያስተምራሉ። እንግዳ ተቀባዩን ጠይቁ። ሆኖሉሉ ዋይኪኪ ውስጥ ያለው ሮያል ሃዋይያን ሴንተር የሚባለው የገበያ ማዕከልም ለዓመታት ለማንም ክፍት የሆነ የነጻ ትምህርት ሲሰጥ ቆይቷል። ቀንና ሰዓቱ ስለሚቀያየር ከመሄዳችሁ በፊት ድረ ገጹን እዩ።

ሃላው የሚባለው ሌላ ነገር ነው። ሃላው እንደ ቅኔ ቤት አስቡት። ተማሪ ለዓመታት የሚቀመጥበት፣ ከአንድ መምህር እግር ሥር የሚማርበት ቤት ነው። መምህሩ ኩሙ ሁላ ይባላል። "ኩሙ" የዛፍ ግንድም ነው፣ ምንጭም ነው፣ መምህርም ነው። ማዕረጉ በሥነ ሥርዓት ከራሱ መምህር የሚቀበሉት ነው፤ ማንም ተነሥቶ "ኩሙ ነኝ" አይልም። አንዳንድ ሃላዎች ለጀማሪና ለመንገደኛ የተለየ ክፍል አላቸው፣ አንዳንዶቹ ፈጽሞ የላቸውም። ጠይቁ። እምቢ ካሏችሁ አትከፉ። የኔታ ዘንድ ሄዶ "ለአንድ ሰዓት ቅኔ ልማር" የሚል ሰው ምን እንደሚባል ታውቃላችሁ።

ጥሩውን ትምህርት ከመጥፎው በምን ትለያላችሁ? እኔ አንድ መለኪያ አለኝ። አስተማሪው ከመጀመሩ በፊት የመዝሙሩን ስምና ትርጉሙን ይነግራችኋል? ከነገራችሁ ቁጭ በሉ። ዝም ብሎ "እጃችሁን እንዲህ አድርጉ" እያለ ብቻ ከቀጠለ ስፖርት ሠርታችሁ ትወጣላችሁ፣ ሁላ ግን አትማሩም። የኮኮናት ጡት መያዣ የሚያከፋፍል ቤት ካጋጠማችሁ ደግሞ ፎቶ ተነሡና ሂዱ።

በነገራችን ላይ ሁላ የሴት ብቻ አይደለም። ወንዶች ጥንትም ነበሩ፣ ዛሬም አሉ፤ እርምጃቸው ሰፋ፣ ጉልበታቸው ዝቅ ይላል። እኔ በነበርኩበት ክፍል ወንድ ሁለት ብቻ ነበርን። ሁለተኛው ሚስቱ ጎትታው የመጣች ጀርመናዊ ነበር። መጨረሻ ላይ ከእሷ ይልቅ እሱ ነበር "እንድገመው" የሚለው።

ቀኑን ስትመርጡ የሰዓት ልዩነቱን አትርሱ። ሆኖሉሉ ከአዲስ አበባ 13 ሰዓት ወደ ኋላ ነው። አዲስ አበባ ሰኞ ጠዋት 3 ሰዓት ሲሆን እዚያ ገና እሑድ ማታ 2 ሰዓት ነው። ከዋሽንግተን የምትነሡም 5 ወይም 6 ሰዓት ይለያችኋል። የመጀመሪያውን ቀን ተኙበት። በሁለተኛው ቀን ያለፍላጎታችሁ ጎህ ሳይቀድ ስለምትነቁ የጠዋት ክፍል ይስማማችኋል።

ምን ይለበሳል፣ ምን ይያዛል

ብዙ አትጨነቁ። ሰፋ ያለ ጉርድ ቀሚስ ወይም ሽርጥ፣ ከላይ ሰውነት ላይ የሚቀመጥ ካናቴራ። አዎ፣ የእኛው ሽርጥ። ወንዶች ቁምጣም ይበቃቸዋል። ሰፊና የተንጠለጠለ ልብስ ከላይ ከለበሳችሁ አስተማሪው ትከሻችሁን ማየት አይችልም። እኔ ይህን እንደ መደበቂያ ሞክሬው ነበር፤ አልሠራም።

ተማሪዎቹ የሚለብሱት ወገቡ ላይ ብዙ ረድፍ ላስቲክ ያለው ሰፊ ጉርድ ፓኡ ይባላል። ካዋሷችሁ እንዴት እንደሚለበስና እንደሚወልቅ አይታችሁ እንደ እነሱ አድርጉ። መሬት ላይ አትጣሉት፣ አትራመዱበትም።

ጫማ የለም። በባዶ እግር ነው። ስለዚህ ውጭ ሣር ላይ ከሆነ ቀድማችሁ መሬቱን እዩት። ረጅም ጸጉር ይያዝ። የሚንጫጫ አምባርና ትልልቅ ቀለበት ሆቴል ይቅር። ውኃ ያዙ። ከአዲስ አበባ ደጋ የወረደ ሰው የባሕሩ ወበቅ ቶሎ ያደክመዋል። የፀሐይ መከላከያ ቅባት ከፈለጋችሁ እዚያው ግዙ፤ ሃዋይ የባሕር ኮራልን ይጎዳሉ የተባሉ ሁለት ኬሚካሎች ያሉበትን ቅባት መሸጥ ከ2021 ጀምሮ ከልክላለች።

ስትገቡ

ጫማችሁን በር ላይ አውልቁ። "አሎሃ" በሉ። መሬት ላይ የተቀመጡትን ቅሎችና ከበሮዎች አትንኩ፣ በላያቸውም አትራመዱ። ሕፃን ይዛችሁ ከሆነ ይህን ለእሱም ንገሩት፤ ቅል ያየ ልጅ መምታቱ አይቀርም።

አንዳንድ ቦታ ከትምህርቱ በፊት ዜማ ይዜማል። ተማሪዎቹ ለመግባት ፈቃድ የሚጠይቁበት ነው። ቆማችሁ አዳምጡ። ስልክ ኪስ ውስጥ ይሁን። መቅረጽ ከፈለጋችሁ አስቀድማችሁ ፈቃድ ጠይቁ።

የት ልቁም? የጀማሪ ልማድ ከኋላ መደበቅ ነው። ስህተት ነው። ክፍሉ ፊቱን ሲያዞር ኋላ የነበረው ፊት ይሆናል። መሃል ላይ፣ የሚችል ከሚመስል ሰው ጀርባ ቁሙ። አስተማሪዋ ፊቷን ወደ እናንተ አዙራ ስታሳይ እንደ መስታወት ትሁን ወይስ የእሷ ቀኝ የእናንተም ቀኝ ይሁን፣ ይህንንም ሳይጀመር ጠይቁ። አንድ ጥያቄ ብዙ ግጭት ያድናል።

አቋቋም

ሁሉም ነገር እዚህ ላይ ነው። እዚህ ላይ ከታገሣችሁ የቀረው ይቀልላል።

እግሮቻችሁን አቀራርባችሁ ቁሙ፣ መሃላቸው ጡጫ ያህል ይቅር። ጉልበታችሁን እጠፉ። "አጠፍኩ" ስትሉ ትንሽ ጨምሩ። ጀርባ ቀጥ፣ ደረት ክፍት፣ መቀመጫ ወደ ኋላ እንዳይወጣ። ክብደታችሁ በውስጥ እግራችሁ ሙሉ ላይ ይረፍ። አሁን ትከሻችሁን ወደ ጆሮ አንሡና ዝርግፍ አድርጋችሁ ልቀቁት። ያ ቦታ ነው። እዚያው ይቆይ።

እጆች ከደረት ፊት፣ ክርን ወደ ጎን ተነሥቶ፣ መዳፍ ወደ መሬት። ክርን ሲወድቅ ሁሉም ይወድቃል።

ከጉዞው በፊት ቤት ውስጥ ሞክሩት። ጀርባችሁን ግድግዳ አስደግፉ፣ ጉልበት አጥፋችሁ ዝቅ በሉ፣ ከዚያ ከግድግዳው ተነሥታችሁ በዚያው ቁመት ተራመዱ። ራስ ወደ ላይ ወደ ታች አይበል። መጽሐፍ አናት ላይ አስቀምጦ መሞከር ይረዳል። ሁለት ደቂቃ ስትቆዩ ጭናችሁ መቃጠል ይጀምራል። ልክ ናችሁ ማለት ነው። ጉልበት ላይ የሚወጋ ሕመም ከተሰማችሁ ግን ልክ አይደለም፤ ቀና በሉ።

የጉልበት ችግር ያለበት፣ ወይም እናቱን ይዞ የሄደ ሰው አይስጋ። ሁላ ኖሆ የሚባል ተቀምጠው የሚጨፍሩት አለ። ወንበር ላይ ሆኖም እጁን መማር ይቻላል።

አራቱ እርምጃዎች

ካሆሎ። የሁሉ እናት ናት። አንድ፦ ቀኝ እግር ወደ ቀኝ። ሁለት፦ ግራ ይከተልና አጠገቡ ይረግጣል። ሦስት፦ ቀኝ እንደገና ወደ ቀኝ። አራት፦ ግራ መጥቶ ጎኑ ያርፋል። ከዚያ በግራ ተመለሱ። ሰፊ አትራመዱ፤ የአንድ ጫማ ስፋት ይበቃል። ጉልበት ሁልጊዜ እንደታጠፈ።

እዚህ ላይ ሁሉም ሰው የሚሠራው ስህተት አለ። ዳሌውን በግድ ይገፋዋል። አትግፉት። ጉልበታችሁ ታጥፎ ክብደታችሁን ከአንድ እግር ወደ ሌላው ስታሸጋግሩ ዳሌ ራሱ ይሄዳል። ብትፈልጉም አታስቆሙትም። ጉልበታችሁን ቀጥ አድርጋችሁ ሞክሩትና ልዩነቱን እዩ፤ እንደ በር ትደርቃላችሁ።

ሄላ። ቀላሏ ናት። በግራ እግር ላይ ተደግፋችሁ ቀኙን በሰያፍ ወደ ፊት ዘርጉ፣ መሬት ይንካ፣ መልሱት። ከዚያ ግራውን። የተደገፋችሁበት ጉልበት እንደታጠፈ ይቆይ፣ ዳሌም ወደ እሱ ይሄዳል።

አሚ። ዳሌን ማዞር። እግር ሙሉ በሙሉ መሬት ላይ፣ ጉልበት ዝቅ፣ ዳሌ ብቻ ክብ ይሠራል። ምጣድ ላይ እንጀራ ስትጋገር እጅ እንደሚዞረው፣ በእኩል ፍጥነት፣ ክቡ ሳይቆራረጥ። ከወገብ በላይ ምንም አይንቀሳቀስም። እኔ ጋ ግን ትከሻዬ አብሮ መዞር ፈለገ። አስተማሪዋ መጣች። ጫን።

ኡዌሄ። ከአራቱ ከባዷ። አንዱን እግር አንሥታችሁ መልሳችሁ ርገጡ። ከዚያ የሁለቱም እግር ተረከዝ ለቅጽበት ብድግ ይላል፣ በዚያው ምት ጉልበቶች ወደ ፊትና ወደ ውጭ ይከፈታሉ። በአንድ ቀን አትሆንም። ካልሆነች ዝለሏትና ከሰዉ ጋር ቀጥሉ፤ ማንም እግራችሁን አያይም።

እርምጃው ሲጠፋባችሁ የምትሸሹባት ቤት ካሆሎ ናት። በአዋና ዘፈን በአንቀጽና በአንቀጽ መካከል እጅን ደረት ፊት ይዞ ካሆሎ መርገጥ የተለመደ ነው። እዚያ ላይ ትንፋሽ ሰብስቡ። ሌላም መልካም ዜና አለ። እያንዳንዱ አንቀጽ አብዛኛውን ጊዜ ሁለቴ ይደገማል። የመጀመሪያው ላይ ተመልከቱ፣ ሁለተኛው ላይ ሥሩ።

እጅና ዓይን

ሁለቱም እጆች በየተራ ከፍና ዝቅ እያሉ ወደ ጎን ሲሄዱ የባሕር ማዕበል ነው። ጣቶች እየተርገበገቡ ከላይ ወደ ታች ሲወርዱ ዝናብ። ከራስ በላይ ክንዶች ክብ ሲሠሩ ፀሐይ። የጣቶች ጫፍ ተሰብስቦ ወደ ላይ ሲያይ እንቡጥ አበባ። እጆች ደረት ላይ ሲጣመሩ ፍቅር። የሁለቱ እጅ ጣቶች ጫፍ ለጫፍ ተገናኝተው እንደ ጣራ ሲያዘቀዝቁ ቤት።

ምልክቶቹ እንደ ፊደል ገበታ የተቆረጡ አይደሉም። አንዱ ሃላው እንዲህ ሲያደርግ ሌላው በትንሹ ይለየዋል። "ትናንት ሌላ ቦታ የተማርኩት እንዲህ ነበር" ብላችሁ አስተማሪውን አታርሙ። ሃዋያውያን ራሳቸው "ዕውቀት ሁሉ በአንድ ትምህርት ቤት አያልቅም" የሚል ተረት አላቸው። በገባችሁበት ቤት የቤቱን ሥሩ።

የእጅ አንጓ ይለስልስ፣ ጣቶች ተጠጋግተው ይሂዱ። ዋናው ግን ዓይን ነው። ዓይን እጅን ይከተላል። ዝናብ ስታወርዱ ዝናቡን እዩት። ወደ ተራራ ስትጠቁሙ ተራራው እዚያ ይኑር። እግራችሁን የምታዩ ከሆነ ተመልካቹም እግራችሁን ያያል። እኔ ይህን ያወቅኩት ዘግይቼ ነው። አንድ ቀን እግሬን ረስቼ ማዕበሉን ብቻ እያየሁ ስሄድ እግሬ ራሱ ምቱን ሲይዝ አገኘሁት። ትከሻዬም ለጥቂት ደቂቃ አርፎ ነበር።

ቃሉን በፊደል ጻፉት

ይህ ምክር ከእኔ ነው፤ ሌላ ቦታ አታገኙትም። የሃዋይ ቋንቋ አምስት አናባቢና ስምንት ተነባቢ ብቻ ነው ያለው። ሁለት ተነባቢ ተከታትሎ አይመጣም፣ ሁሉም ክፍለ ቃል በአናባቢ ያልቃል። ይህ ለእኛ ፊደል የተሰፋ ይመስላል። አሎሃ። ማሃሎ። ካሆሎ። ሳድስ የሚባል ነገር ብዙም አያስፈልጋችሁም። በላቲን የተጻፈውን ግጥም እያዩ ከመንተባተብ ስታዳምጡ በፊደል ጻፉት፤ በአሥር ደቂቃ ታነቡታላችሁ። አጠገቤ የነበሩት ሰዎች ገና ሁለተኛው መስመር ላይ ሲታገሉ እኔ ጨርሼ ነበር። በሕይወቴ ጭፈራ ላይ አንደኛ የወጣሁት ያኔ ብቻ ነው።

አንድ ጥንቃቄ። በሁለት አናባቢ መካከል ድምፁ ቁርጥ የሚልበት ቦታ አለ፤ በላቲን ትንሽ ጭረት ይደረግበታል። እሱም እንደ አንድ ተነባቢ ይቆጠራል። ካላከበራችሁት ትርጉሙ ይቀየራል። "ፓው" ሳይቆረጥ "አለቀ" ማለት ነው። "ፓ" ብላችሁ ቆረጥ አድርጋችሁ "ኡ" ስትሉ ደግሞ ቅድም ያልኳችሁ የጭፈራ ጉርድ ነው።

ክፍል ውስጥ የምትሰሟቸው ትእዛዞች ብዙ አይደሉም። አካው ቀኝ፣ ሄማ ግራ። ኢ ሙአ ወደ ፊት፣ ኢ ሆፔ ወደ ኋላ። ቁጥሩ ኤካሂ፣ ኤሉአ፣ ኤኮሉ፣ ኤሃ። መምህሩ "ሆኦማካውካው" ካለ "ተዘጋጁ" ማለቱ ነው፤ "አኤ" ብላችሁ መልሱ፣ እሺ እንደ ማለት። "ፓ" ሲል ምቱ ይጀምራል። "ሃና ሆው" ካለ ደግሞ "ይደገም" ነው። ይህችን ቃል ትጠሏታላችሁ።

ሲያልቅ

"ማሃሎ" በሉ፤ አመሰግናለሁ ማለት ነው። ሌይ የሚሉትን የአበባ ጉንጉን ካጠለቁላችሁ እምቢ አትበሉ፣ በሰጪው ፊትም አታውልቁት። እንደ ማተብ አንገት ላይ ብቻ አይንጠልጠል፤ ግማሹ በፊት ግማሹ በኋላ ትከሻ ላይ ይረፍ። (ትከሻ በመጨረሻ ሥራ አገኘ።) እርጉዝ ሴት ካለች ጫፉ ያልተቋጠረ ሌይ ነው የሚሰጣት፣ የተዘጋው ለሕፃኑ ጥሩ አይደለም ይባላል። አለርጂ ካለባችሁ በትሕትና ተናገሩ።

ክፍያ ከሌለው ትንሽ ነገር ይዞ መሄድ ያምራል። እኔ ግማሽ ኪሎ የይርጋጨፌ ቡና ይዤ ሄድኩ። ሃዋይ ራሷ ቡና አብቃይ እንደሆነች ረስቼው ነበር። ደግነቱ ቡናው ተወደደ።

የተማራችሁትን ሌላ ቦታ ማሳየት ብትፈልጉ ለአስተማሪው ንገሩ። ለእንግዳ የሚሰጥ የአዋና ዘፈን ከሆነ አብዛኛውን ጊዜ ችግር የለውም። ካሂኮ ግን ሌላ ነው። ብዙዎቹ ለአማልክትና ለነገሥታት የተገጠሙ ናቸው። ያለ ፈቃድ ሰርግ ላይ አውጥቶ መጨፈር ቅዳሴን ለልደት ኬክ መቁረጫ እንደመጠቀም ነው።

የሚችሉትን ለማየት ዋይኪኪ ኩሂዮ ባሕር ዳርቻ ላይ አመሻሽ የሚቀርበውን የነጻ ትርዒት ቀኑን አጣርታችሁ ሂዱ። ሣር ላይ ምንጣፍ አንጥፋችሁ ትቀመጣላችሁ። ትልቁ ግን ሜሪ ሞናርክ ነው፤ ትልቁ ደሴት ላይ፣ ሂሎ ከተማ ውስጥ። በዓሉ በ1963 የተመሠረተ ሲሆን የሁላ ውድድሩ በ1971 ተጀመረ። ስሙ ("ደስተኛው ንጉሥ" እንደ ማለት ነው) የወጣው ለዚያው ለካላካኡዋ ነው። የሚካሄደው በእነሱ ፋሲካ ማግሥት ባለው ሳምንት ነው፤ ከእኛ ፋሲካ ጋር ሁልጊዜ እንደማይገጥም አትርሱ። ትኬት ማግኘት ጭንቅ ነው፣ በቴሌቪዥን ግን ይተላለፋል። ውድድሩ የሚደረግበት ስታዲየም በታላቋ የሁላ መምህርት በኢዲት ካናካኦሌ ስም ተሰይሟል። አሜሪካ የምትኖሩ ከሆነ መልኳን አይታችሁት ይሆናል፤ በ2023 ከወጡት የሩብ ዶላር ሳንቲሞች በአንዱ ላይ አለች።

ትምህርቱ ከጣማችሁ ለመቀጠል ሃዋይ መኖር የለባችሁም። ካሊፎርኒያ ውስጥ ሃላዎች አሉ። ላስ ቬጋስ ደግሞ የሃዋይ ሰው ከመብዛቱ የተነሣ ሃዋያውያን "ዘጠነኛዋ ደሴት" ይሏታል። የእኛም ሰው እዚያ እንደ አሸን ነው፤ ምናልባት ጎረቤታችሁ ኩሙ ሁላ ሊሆን ይችላል።

ሁለተኛውን ክፍል ግን ለነገ አትያዙ፤ አንድ ቀን ዝለሉ። ለምን እንደሆነ በማግሥቱ ጠዋት ለቁርስ ወደ ምድር ቤት ስትወርዱ ይገባችኋል። በሊፍት ውረዱ።